እድር ምንድን ነው? ከጅማ ሆኖ ሃያኛውን ክፍለ ዘመን ወደኋላ ማየት

ጅማ ውስጥ ለቅሶና ዝናብ ብዙ ጊዜ አብረው ይመጣሉ። ክረምት ላይ ከሰዓት በኋላ ሰማዩ ይጠቁራል። ቢሆንም የሩቅ ዘመድ ስልክ ተደውሎለት ሳይነሳ ድንኳኑ ተተክሎ፣ አግዳሚው ተደርድሮ ይገኛል። ትልቁ ድስት ተጥዶ ንፍሮው ይንተከተካል። ሐዘንተኛው ስለዚህ ሁሉ አንድ ቃል አልተናገረም። ከኪሱም ገና ምንም አላወጣም። ይህን ሁሉ ያደረገው እድሩ ነው።

እድር ማለት የአንድ ሠፈር፣ የአንድ መሥሪያ ቤት ወይም የአንድ አገር ልጆች በየወሩ እያዋጡ፣ ሞት ሲመጣ በገንዘብ፣ በጉልበትና አብሮ በመቀመጥ የሚረዳዱበት ማኅበር ነው። አብሮ መቀመጥን የጨመርኩት ሆን ብዬ ነው። እኛ ዘንድ ለቅሶ ቤት መቀመጥ ራሱ ሥራ ነው። መዋጮውን በጊዜው የከፈለ፣ ግን ቀብር ላይ ያልተገኘ እድርተኛ ይቀጣል። ስም ይጠራል፣ የቀረ ይመዘገባል። እድርን ኢንሹራንስ ነው የሚሉ ሰዎች ይህችን ነገር ይረሷታል።

ከእቁብና ከማኅበርም ይለያል። እቁብ ዕጣ አለው፤ ዙሩ ሲያልቅ ይበተናል። ማኅበር በጻድቅ ወይም በመልአክ ስም ይጠጣል። እድር ዕጣም ጻድቅም የለውም። ለዚህ ነው እንደ ጅማ ባለ ከተማ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ አንድ መዝገብ ላይ ሊጻፉ የቻሉት። አንዱ ጋ ተዕዝያ ሌላው ጋ ለቅሶ ይባላል፤ ድንኳኑ ግን ያው ነው። ሥጋ ስለሚለያይ ንፍሮ፣ ዳቦና ቡና ይቀርባል። ማንም ሳይቸገር ይበላል። የጅማ ኦሮሞ ይህን መረዳጃ አፎሻ ይለዋል።

ብዙዎቻችን እድርን ከቅድመ አያቶቻችን የወረስነው አድርገን እናስባለን። እኔም ለረጅም ጊዜ እንዲያ ነበር የማስበው። መረዳዳቱ በእርግጥ የቆየ ነው። ገጠር ውስጥ ሰው ሲሞት ዘመድና ጎረቤት ሳይጠራ ይመጣል። ደንብ ያለው፣ መዝገብ ያለው፣ ዳኛና ጸሐፊና ገንዘብ ያዥ የሚመርጥ እድር ግን ሌላ ነገር ነው። እሱ የከተማ ነው፤ የሃያኛው ክፍለ ዘመን ነው። አጥኚዎች ጅምሩን ከአዲስ አበባ ማደግ ጋር፣ በተለይ እንጀራ ፍለጋ ከተማ ከገቡ ጉራጌዎች ጋር ያያይዙታል። ከጣሊያን ወረራ ጊዜ ጀምሮ ደግሞ በየከተማው ተስፋፋ።

ለምን በዚያ ዘመን? እኔ መልሱን የማገኘው እዚሁ ጅማ ነው።

የድሮዋን ጅማ አስቡ። ቤተ መንግሥቱ ጅሬን ኮረብታ ላይ ነው፤ የዳግማዊ አባ ጅፋር ግቢ ዛሬም አለ። ከታች ሜዳው ላይ ሂርማታ ነበር፣ የሐሙስ ገበያ። ቡና፣ ዝባድና የዝሆን ጥርስ ይሸጥበታል። ሰውም ይሸጥበት ነበር። ይህን ዘሎ የጅማን ታሪክ መናገር አይቻልም። ነጋዴው ገበያውን ጨርሶ ወደ አገሩ ይመለሳል። የአካባቢው ሰው ደግሞ ወገኑ መሃል ይኖራል፣ ሲሞትም ወገኑ ይቀብረዋል።

ከዚያ በጥቂት አስርት ዓመታት ውስጥ ሁሉም ተናወጠ። በ1920ዎቹ አጋማሽ የጅማ ነገሥታት የራስ አስተዳደር አበቃ። ብዙም ሳይቆይ ጣሊያን ገባ፤ ጅማን የደቡብ ምዕራቡ ግዛቱ መቀመጫ አደረጋት። መንገድ ወጣ፣ ሲኒማ ተሠራ። መርካቶና ፈረንጅ አራዳ የሚሉት የሠፈር ስሞች ያንን ዘመን ዛሬም ያስታውሳሉ። ጣሊያን በ1933 ዓ.ም. ወጣ። በ1934 ዓ.ም. ባርነትን የሚከለክለው አዋጅ ታወጀ። የቡና ዋጋ ሲወደድ ደግሞ የጭነት መኪና በዛ፣ ለቀማና ንግድ የሚፈልግ ሰው ከየአቅጣጫው መጣ። ከከፋ፣ ከዳውሮ፣ ከየም፣ ከጉራጌ፣ ከሸዋ። የየመን ዐረቦችም ሱቅ ከፈቱ። በ1940ዎቹ የእርሻ ትምህርት ቤቱ ሲከፈት ተማሪና አስተማሪ ተጨመረ።

እነዚህ ሁሉ ሰዎች አንድ ነገር ጎድሏቸው ነበር፤ ቀባሪ። ሽማግሌዎች ሲመርቁ "ቀባሪ አያሳጣህ" ይላሉ። ከአባቱ አገር ሳይወጣ ለሚኖር ሰው ይህ ምርቃት ብቻ ነው። መርካቶ ውስጥ አንድ ክፍል ቤት ተከራይቶ ብቻውን ለሚኖር ሰው ግን እውነተኛ ስጋት ነው። ዘመዱ መርዶ ሰምቶ በእግርና በመኪና እስኪደርስ ሬሳ አይጠብቅም። ስለዚህ የማይዛመዱ ሰዎች ተሰብስበው በፊርማ ተዛመዱ። እድር ይህ ነው ብዬ ነው የማምነው። ቋንቋው የተለያየ ጎረቤት ለሞቴ ዋስ ይሁነኝ ብሎ የተፈራረመበት ውል ነው።

የውሉ ልብ ደንቡ ውስጥ ነው። የአንድ እድር መተዳደሪያ ደንብ እጃችሁ ከገባ ስለ ክፍያ የሚያወራውን ክፍል አንብቡ። ለባል ወይም ለሚስት ይህን ያህል፣ ለልጅ ይህን ያህል፣ ለእናትና አባት ይህን ያህል ይላል። ለወንድምና ለእህት፣ ለአማት ሲሆን ይቀንሳል። ቤት ውስጥ የሞተ እንግዳስ? የቤት ሠራተኛስ? በማደጎ ያደገ ልጅስ? በየእድሩ ጠቅላላ ጉባኤ ላይ በእነዚህ ጥያቄዎች ብዙ ክርክር ተደርጓል። ክርክሩ ላይ ላዩን የገንዘብ ይመስላል። ከሥሩ ግን ቤተሰብ ማለት ማን ነው የሚል ጥያቄ አለ። የከተማ ሰው ያንን ጥያቄ በየጊዜው እየተነሳ በድምፅ ወስኖታል። የአጎት ልጅ ከዝርዝሩ የወጣበት፣ ለቤት ሠራተኛ ክፍያ የገባበት ገጽ ለእኔ ትልቅ የታሪክ ሰነድ ነው።

በሩ ለሁሉም እኩል ክፍት ነበር ማለት ግን ውሸት ይሆናል። በብዙ የአገራችን አካባቢ ሸክላ ሠሪውና ቆዳ ፋቂው ከሌላው ጋር አብሮ አይበላም፣ አብሮ አይቀበርም ነበር። የባሪያ ዘር እየተባለም ሰው ተገልሏል። አዋጅ ገበያውን ዘጋ እንጂ ንቀቱን ባንድ ቀን አላጠፋውም። እድሩም በብሔር፣ በሃይማኖት፣ በትውልድ አገር የሚለይበት ጊዜ ነበር፤ ዛሬም አለ። ሴቶች ደግሞ ለረጅም ጊዜ በባላቸው ስም ነበር የሚቆጠሩት። እንጀራ የሚጋግሩት፣ ውኃ የሚቀዱት፣ ሌሊቱን ከሐዘንተኛዋ ጋር የሚያድሩት እነሱ ናቸው፤ መዝገቡ ላይ ግን ስማቸው የለም። የሴቶች እድር የተስፋፋው በዚህ ምክንያት ይመስለኛል። የራሳቸው ዳኛ፣ የራሳቸው ድስትና ሳህን፣ የራሳቸው ገንዘብ ኖራቸው።

በ1950ዎቹ መጨረሻ መንግሥት ማኅበራት ይመዝገቡ አለ፤ እድሮችም ማኅተም ያዙ። ከዚያ 1967 መጣ። መሬቱ፣ ትርፍ ቤቱ ተወረሰ። ቀበሌ ተቋቋመ። እድሮች መንገድና ትምህርት ቤት ለማሠራት ያደርጉት የነበረው ነገር ወደ ቀበሌ ሄደ፣ ለእነሱ ቀብር ብቻ ቀረላቸው። በቀይ ሽብር ዘመን ደግሞ እሱም ተነጠቀ። ልጁ የተገደለበት ቤተሰብ ማልቀስ ተከለከለ። ድንኳኑ መጋዘን ተጠቅልሎ ተቀምጦ እናት ቤቷን ዘግታ አፏን በነጠላዋ አፍና አለቀሰች። እድር ለምን እንደሚያስፈልግ የሚጠይቀኝ ወጣት ሲያጋጥመኝ ይህንን ነው የምነግረው። ሰው ልጁን በአደባባይ እንዳያለቅስ ሲከለከል የሚጎዳውን ያህል በሌላ ነገር አይጎዳም።

ቀጥሎ የመጣው ፈተና ኤችአይቪ ነው። ወጣት በወጣት ላይ ሞተ። በአንድ ሳምንት ሁለት ሦስት ጊዜ ድንኳን የተከለ እድር ካዝናው ባዶ ሆነ። ያኔ ነው ብዙ እድሮች ደንባቸውን ያሻሻሉት። ሰው እስኪሞት ለምን እንጠብቃለን አሉ። ለታመመ እርዳታ፣ ለወላጅ አልባ ልጅ ደብተርና ዩኒፎርም ገቡበት። ለሞት የተቋቋመ ማኅበር ለሚኖር ሰው መሥራት ጀመረ። ከአንድ መቶ ዓመት ለውጥ ውስጥ ይህን የመሰለ አላገኘሁም፤ ማንም ከላይ አላዘዘውም።

ዛሬ ጡሩምባ ነፊው እየጠፋ ነው። በፊት ማለዳ ላይ ድምፁ ሲሰማ ሴቶች ምጣዳቸውን ትተው ደጅ ይወጡ ነበር። አሁን መልእክቱ በስልክ ይመጣል። መዋጮውም አዲስ አበባ ካለ ልጅ በስልክ ይላካል። መላክ ይቻላል፤ ስም ሲጠራ ግን አቤት የሚል የለም። የእኛ ሠፈር ሽማግሌዎች በዚህ ነገር እስካሁን አልተስማሙም።

የሠፈራችንን የድሮ መዝገብ በቅርቡ አገላበጥኩት። ጠርዙን ምስጥ በልቶታል፣ ቀለሙ ደብዝዟል። የመጀመሪያዎቹ ገጾች ላይ ብዙው ስም አባ ብሎ ይጀምራል፣ እንደ ጅማ ወግ። መሃል መሃል ሐጂ፣ ግራዝማች፣ ባሻ አለ። ወረድ ሲል አንዳንዱ ስም ፊት ጓድ ተጽፏል። ከዚያ ጓድ ጠፍቶ ወይዘሮ በዛ፤ ባል የሞተባቸው፣ በራሳቸው ስም የተመዘገቡ። የሟች ስም ላይ በቀይ እስክሪብቶ መስመር ይሰመራል፤ ጎኑ ላይ የተተካው ልጅ ስም ይጻፋል። አንዳንዱ ቦታ ላይ ሦስት ስም ተደራርቧል። አያት፣ አባት፣ ልጅ። የቤት ቁጥሩ ግን ያው ነው።

መዝገቡን ገጽ በገጽ ፎቶ እያነሳሁት ነው።