የአማተር ቦክስ የመሃል ዳኛ ሥራው ምንድን ነው?

በአማርኛ ሁሉም ዳኛ ነው። ችሎት የሚቀመጠውም ዳኛ፣ ፊሽካ የሚነፋውም ዳኛ። ቱርኮች ለይተውታል፤ የስፖርቱን «ሀከም»፣ የፍርድ ቤቱን «ሃኪም» ይሉታል። (የኛ ሐኪም መርፌ ይወጋል፤ እሱ ሌላ ጣጣ ነው።) ለአማተር ቦክስ ግን ይሄም አይበቃም። ሪንግ ውስጥ አንድ ዳኛ አለ፣ ከሪንጉ ውጭ ደግሞ አምስት። ሥራቸው ለየቅል ነው።

ነጥብ የሚሰጡት አምስቱ ናቸው። በየዙሩ የተሻለው 10 ያገኛል፣ ሌላው 9 ወይም ከዚያ በታች። መሃል ያለው ሰውዬ ድምፅ የለውም። ውጤቱ ሲነገር የአሸናፊውን እጅ ያነሳል፣ ጩኸቱን ግን እሱ ይቀበላል።

እ.ኤ.አ. በ1988 የሴኡል ኦሊምፒክ አሜሪካዊው ሮይ ጆንስ የኮሪያውን ፓርክ ሲ ሁን ሲቀጠቅጠው ዋለ። ዳኞቹ ግን 3 ለ 2 ለፓርክ ሰጡት። የፓርክን እጅ ያነሳው የመሃል ዳኛ በዚያ ፍርድ ውስጥ የለበትም።

ታዲያ ምን ይሠራል? ልጆቹን ይጠብቃል። ትእዛዞቹ ሦስት ናቸው፦ «ስቶፕ» (ቁሙ)፣ «ቦክስ» (ቀጥሉ)፣ «ብሬክ» (ተላቀቁ)። «ብሬክ» ሲል ተቃቅፈው የተያያዙት ሁለቱም አንድ እርምጃ ወደኋላ ብለው ነው የሚቀጥሉት። ለጥፋት ማስጠንቀቂያ ይሰጣል፤ ማስጠንቀቂያ ነጥብ ያስቀንሳል።

ለኔ ትልቁ ሥራው ቆጠራው ነው። አንዱ ሲወድቅ ሌላውን የማንም ወዳልሆነው ነጭ ማዕዘን ይልከዋል። ከዚያ በጣቶቹ እያሳየ፣ ፊት ለፊት ቆሞ ይቆጥራል። ልጁ በሦስት ቢነሳም እስከ ስምንት መቁጠር ግድ ነው። በነዚያ ሰከንዶች ዓይኑን ያየዋል። ይንቀዋለላል? እግሩ ይይዘዋል? ደህና ከሆነ ጓንቱን በገዛ ሸሚዙ ላይ ጠረግ አድርጎለት «ቦክስ» ይላል። ካልሆነ እጁን አወዛውዞ ግጥሚያውን ያቆማል። አሸናፊን የመወሰን ሥልጣኑ በዋናነት ይቺ ናት።

ሲያጠፋስ? በ2012 ለንደን ላይ ጃፓናዊው ሳቶሺ ሺሚዙ የአዘርባጃኑን ተጋጣሚ በመጨረሻው ዙር ስድስት ጊዜ መሬት ላይ ጣለው። የመሃል ዳኛው አንዴም አልቆጠረም። ነጥቡ (ያኔ አቆጣጠሩ ሌላ ነበር) 22 ለ 17 ለወደቀው ሆነ። ጃፓኖች ይግባኝ አሉ፤ ውጤቱ ተገለበጠ፣ ዳኛውም ከውድድሩ ተባረረ። በ2016 ከሪዮ በኋላ ደግሞ ሠላሳ ስድስቱም ዳኞች ምርመራ እስኪጠናቀቅ ታገዱ። እንዲህ በጅምላ ሲሆን ንጹሑም አብሮ ይመታል።

ወደዚህ የሚደርሰው በአንድ ቀን አይደለም። ብዙ ጊዜ ራሱ ጓንት ያጠለቀ ሰው ነው። ኮርስ ወስዶ፣ ተፈትኖ፣ ከአካባቢ ውድድር ወደ አገር አቀፍ ያድጋል። ዓለም አቀፍ ሲሆን ደረጃው በኮከብ ይለካል፣ ከአንድ እስከ ሦስት። ያን ቀን መሃል ባይገባ ውጭ ተቀምጦ ነጥብ ሊሰጥ ይችላል፤ ሁለቱንም እያፈራረቀ ነው የሚሠራው።

አንድ የሚያበሳጭ ሕግ አለበት፦ በዓለም አቀፍ ውድድር የአገሩን ልጅ መዳኘት አይችልም። በ2021 ቶኪዮ ላይ ቡሴናዝ ሱርሜኔሊ ለቱርክ የመጀመሪያውን የኦሊምፒክ የቦክስ ወርቅ አመጣች። ያን ቀን እጇን ማንሳት የማይፈቀድለት ዳኛ ቢኖር ቱርካዊው ዳኛ ነው።