የአይሪሾች ምርቃት፦ መንገዱ ይቅናህ፣ ጤናችን ይሁን

የአይሪሽ ምርቃት ሲባል ብዙ ሰው የሚያውቀው አንዱን ነው። ኩባያ ላይ፣ ፖስት ካርድ ላይ፣ የወጥ ቤት ፎጣ ላይ ሳይቀር ታትሞ ይሸጣል። እንግሊዝኛው «መንገዱ ሊቀበልህ ከፍ ይበል» ይላል። መንገድ ከፍ ካለ ዳገት አይደል እንዴ? በዳገት ደግሞ ማን ይመረቃል?

ነገሩ የትርጉም ስህተት ነው። በራሳቸው ቋንቋ «ጎ ናይሪ አን ቦኸር ላት» ነው የሚሉት። ግሡ ብቻውን ሲሆን «ተነሣ፣ ከፍ አለ» ማለት ነው። «ላት» ስትከተለው ግን «ቀናህ፣ ተሳካልህ» ይሆናል። ስለዚህ አይሪሹ የሚለው ልክ እኛ መንገደኛ ስንሸኝ የምንለውን ነው፦ መንገዱ ይቅናህ። እንግሊዝኛው ያበላሸውን አማርኛ ያለ ምንም ድካም ይመልሰዋል።

አይሪሽኛ በፈረንጆቹ የ1937 ሕገ መንግሥት የአየርላንድ ብሔራዊና የመጀመሪያ ኦፊሴላዊ ቋንቋ ነው። በወረቀት ማለቴ ነው። በ2022 ሕዝብ ሲቆጠር፣ ከ5 ሚሊዮን በላይ ከሆነው ሕዝብ ከትምህርት ቤት ውጭ በየቀኑ እናገረዋለሁ ያለው 72 ሺህ ገደማ ሰው ብቻ ነበር። ምርቃቱ ግን አልጠፋም። ቀኑን ሙሉ በእንግሊዝኛ የሚያወራ ሰው ብርጭቆ ሲያነሣ፣ ሙሽራ ሲመርቅ ወይም የሞተ ሰው ስም ሲጠራ ድንገት ወደ አያቶቹ ቋንቋ ይመለሳል።

አብዛኞቹ የሚጀምሩት «ጎ» በምትባል አንዲት ቃል ነው። ሥራዋ የኛ «ይ» ማለት ነው፤ ይባርክህ፣ ይስጥህ፣ ያኑርህ ስንል ያለችዋ «ይ»። «አመሰግናለሁ» እንኳ በነሱ ዘንድ ምርቃት ነው፦ «ጎ ሬቭ ማ አገት»፣ ማለትም «መልካም ይሁንልህ»። እኛም ለውለታ «እግዜር ይስጥልኝ» ስለምንል አይገርመንም። ሰላምታውም እንደዚያው ነው። አንዱ «ጂያ ግዊት» ይላል፣ እግዚአብሔር ካንተ ጋር ይሁን። ሌላው ያንኑ መልሶ ዝም አይልም፤ «ጂያስ ሙራ ግዊት» ብሎ ማርያምን ይጨምራል። ሦስተኛ ሰው ካለ የአገሪቱን ጠባቂ ቅዱስ ፓትሪክን ያክልበታል፣ አራተኛው ቅድስት ብሪጅድን። «እንኳን አደረሰህ» ሲሉን «እንኳን አብሮ አደረሰን» እንደምንለው፣ ምርቃት እዚያም ያለ መልስ አይቀርም።

ለመጠጥ «ስሎንቸ» ይላሉ። ትርጉሙ ጤና ነው፤ የኛው «ለጤናችን» በሉት። ማስረዘም የፈለገ «ስሎንቸ ኢስ ቶንቸ» ይላል፣ ጤናና ሀብት። እዚህ ጋ ሀብት ለማለት የገባችው ቃል የከብት መንጋ ማለትም ነው። ሀብት በከብት ይለካ የነበረበት አገር ስለሆነ ከብቱ ከምርቃቱም አልወጣም። (በነገራችን ላይ መንገድ በሚለው «ቦኸር» ውስጥ ያለችው «ቦ» ላም ናት።)

ዋናው የምርቃት ቀን ማርች 17፣ በኛ መጋቢት 8፣ የቅዱስ ፓትሪክ በዓል ነው። በዐቢይ ጾም መሀል የሚውል በመሆኑ ካቶሊኮቹ ለዚያች ቀን ብቻ ጾሙን ላላ ያደርጉ ነበር። ዛሬ ዓለም በሙሉ አረንጓዴ ለብሶ ቢራ የሚጠጣበት ቀን ሆኗል። የሚያስቀው ግን በ20ኛው መቶ ዘመን እዚያው አየርላንድ ውስጥ ለአሥርተ ዓመታት በዕለቱ መጠጥ ቤት በሕግ ዝግ ነበር። የዕለቱ ምርቃት «የፓትሪክ በዓል በረከት ይድረስህ» እንደማለት ነው። ከዚያ ደግሞ «ሻምሮኳን ማስጠም» የሚባል ልማድ አለ። ሻምሮክ ባለ ሦስት ቅጠል ትንሽ ተክል ናት፤ ቀኑን ሙሉ ኮት ላይ ተሰክታ ትውላለች። ማታ ላይ ጠውልጋለች። ባለቤቷ ይነቅልና የመጨረሻው ብርጭቆ ውስጥ ይጥላታል፣ ለተሰበሰበው ሰው ጤና ይመኛል፣ ይጨልጣል፣ ከዚያ እርጥቧን ቅጠል ከብርጭቆው ሥር አውጥቶ በግራ ትከሻው በኩል ወደ ኋላ ይወረውራታል። ከኋላው የተቀመጠ ሰው ካለ እንግዲህ እሱም ተባርኳል።

ሰርግ ላይ የሚባለው ምላስ ያሥራል፦ «ሽሎክት ሽላክታ»፣ ከዚያ ያው ቃል ዞሮ ዞሮ ይደጋገማል። የልጅ ልጆቻችሁም የልጅ ልጅ ይዩ ነው ነገሩ። እኛ «ውለዱ ክበዱ» ብለን በሁለት ቃል እንጨርሰዋለን። አዲስ ልብስ ለለበሰም አላቸው፦ ኑረህ ልበሰው። እኔ ይቺን ነው የምወዳት። ልብስ ከሰው ዕድሜ የሚረዝምበት ቤት ብዙ ስለነበረ ይመስለኛል «ኑር» የምትለው ቀድማ የመጣችው።

ገና ሲመጣ ዋዜማው ማታ መስኮት ላይ ሻማ ይበራል። ብዙ ጊዜ የሚያበራው የቤቱ ትንሹ ልጅ ነው፤ ማርያምና ዮሴፍ ማደሪያ አጥተው እንዳይቀሩ፣ መንገደኛም ካለ እንዲገባ ነው ይላሉ። ጃንዋሪ 6፣ የኛ ገና ዋዜማ፣ እነሱ ዘንድ «የሴቶች ገና» ነው። በተለይ ኮርክና ኬሪ አካባቢ ሴቶቹ ወጥተው ይጫወታሉ፣ ወንዶቹ ዕቃ ያጥባሉ። በእነዚህ ቀናት ማዕድ ላይ «ጎ ሜሪሚድ ቢዮ ኤር አን አም ሾ አሪሽ» ሲባል ትሰማላችሁ። ለዚህ አስተርጓሚ አያስፈልገንም፤ ዘንድሮ እንዳለን የከርሞ ሰው ይበለን ማለት ነው።

ከሁሉ የሚከብደው «ቦስ ኢን ኤሪን» ነው። ሙሉው «ረጅም ዕድሜ ላንተ፣ እርጥብ አፍ፣ ሞትም በአየርላንድ» ይላል። እርጥብ አፍ መጠጡ ነው፣ እሱን ተዉት። ግን ሞትን የሚመኝ ምርቃት የት ይገኛል? ነገሩ የሚገባው ስደታቸውን ላየ ነው። ከ1845 እስከ 1852 በነበረው ታላቁ የድንች ረሀብ 1 ሚሊዮን ገደማ ሰው ሞተ፣ ከ1 ሚሊዮን በላይ አገር ለቀቀ። በዚያ ዘመን ልጅ ወደ አሜሪካ ሊሄድ ሲል ቤተሰቡ ዋዜማውን ልክ እንደ አስከሬን ጥበቃ ሌሊቱን ሙሉ አብሮት ያድር ነበር፤ ይጨፈራል፣ ይጠጣል፣ ሲነጋጋ እናቶቹ ሙሾ ይጀምራሉ። ተመልሶ እንደማይመጣ ያውቁታል። «ለአገርህ አፈር ያብቃህ» የተባለ የኛ ስደተኛ ምርቃቱን ለማንም ማስረዳት ይችላል።

ድግስ ላይ የሞተ ሰው ስም ከተነሣም ወሬው አፍታ ቆም ይላል፤ «ነፍሱ በእግዚአብሔር ቀኝ ትሁን» ይባልና ይቀጥላል። መቃብር ላይም የሚጻፈው ይኸው ነው። በእንግሊዝኛ የተለመደው የአይሪሽ ቀልድ ደግሞ ሰይጣን መሞትህን ሳይሰማ ግማሽ ሰዓት ቀድመህ መንግሥተ ሰማያት ግባ ይላል።

ያቺው «ጎ» እርግማንም ትጀምራለች። የታወቀው ይኼ ነው፦ ድመት ይብላህ፣ ድመቱን ደግሞ ሰይጣን ይብላው። በበዓል ቀን ግን አትሞክሩት።