የባህር በርን በተመለከተ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

የአፍሪካ ቀንድ ሲታመስ የኢትዮጵያ ንግድ አብሮ ይታመሳል። ከ90 በመቶ በላይ የሚሆነው የወጪና ገቢ ዕቃ የሚያልፈው በጅቡቲ ነውና፣ የጎረቤት ዲፕሎማሲ ለእኛ የነዳጅና የማዳበሪያ ጉዳይ ነው። ለዚህም ነው ከታች ያሉት ስህተቶች ሳይታረሙ መታለፍ የሌለባቸው።

«ዓለም አቀፍ ሕግ የወደብ ባለቤት ያደርገናል»

አያደርግም። እ.ኤ.አ. የ1982ቱ የባህር ሕግ ስምምነት አንቀጽ 125 ባህር ለሌላቸው አገሮች የሚያውቀው የመተላለፍ መብትን ነው፤ ዝርዝሩን ከአስተላላፊው አገር ጋር መዋዋል ግድ ነው። አንቀጽ 127 በትራንዚት ዕቃ ላይ ቀረጥና ታክስ መጣልን ይከለክላል፤ ለተሰጠ አገልግሎት ማስከፈል ግን ይቻላል። ድርድሩ የሚከርረው እዚህ ላይ ነው፤ «አገልግሎት» በሚለው ቃል ስር ብዙ ክፍያ ሊገባ ይችላል።

«ሰላም ከወረደ ንግዱ ራሱ ይመጣል»

ከሁሉም በላይ ያስከፈለን ስህተት ይህ ይመስለናል። በ2011 ዓ.ም. እንቁጣጣሽ ዕለት ከኤርትራ ጋር የሚያገናኙት የዛላምበሳና የቡሬ የድንበር መንገዶች ተከፈቱ። ሕዝቡ ተቃቀፈ፣ ጤፍና ሲሚንቶ የጫኑ መኪኖች ወደ ኤርትራ ጎረፉ። ነገር ግን ቀረጡ ስንት እንደሆነ፣ ክፍያው በብር ይሁን በኤርትራው ገንዘብ በናቅፋ ወይስ በዶላር፣ ጭነቱን የትኛው ጉምሩክ እንደሚመዘግብ በሥራ ላይ የዋለ ደንብ አልነበረም። በጥቂት ወራት ውስጥ መንገዶቹ ተራ በተራ ተዘጉ።

ቋጠሮው አዲስ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1997 ናቅፋ ሲወጣ ኤርትራ ሁለቱ ገንዘቦች እኩል እንዲዘዋወሩ ፈለገች፤ ኢትዮጵያ ንግዱ በኤልሲ (ባንክ ለሻጩ ክፍያውን በሚያረጋግጥበት ሰነድ) እና በውጭ ምንዛሪ ይሁን አለች። እ.ኤ.አ. በ1998 በሁለቱ መካከል ጦርነት ተነሳ። ምክንያቱ ገንዘቡ ብቻ አልነበረም፤ ቅሬታውን ግን አባብሶታል። ድንበር ከመከፈቱ በፊት የሁለቱ አገሮች ብሔራዊ ባንኮችና ጉምሩኮች ሊፈራረሙ የሚገባውም በዚህ ምክንያት ነው።

«ተጨማሪ ወደብ ካገኘን ዕቃው ይፈጥናል»

መዘግየቱ ብዙ ጊዜ የሚጀምረው መርከቡ ሳይነሳ፣ ባንክ ቤት ነው። ምንዛሪ ካልተፈቀደ ኤልሲ አይከፈትም፤ ኤልሲ ሳይከፈት ደግሞ በኤልሲ የሚሸጥ አቅራቢ ዕቃውን አይጭንም። ከዚያ በመልቲሞዳል (አንድ አጓጓዥ የባሕሩንም የየብሱንም ጉዞ በሚይዝበት አሠራር) የመጣ ኮንቴይነር በአንድ ቢል ኦፍ ሌዲንግ (የጭነት ሰነድ) እንደ ሞጆ ያለ አገር ውስጥ ያለ ደረቅ ወደብ ድረስ ይገባል፤ ጉምሩኩም እዚያው ይጠናቀቃል። በዩኒሞዳል (የባሕር ማጓጓዙ ጅቡቲ ላይ በሚያበቃበት አሠራር) ከሆነ አስመጪው ትራንዚተር (ዕቃ አስለቃቂ ወኪል) ይዞ ጅቡቲ ላይ ራሱ ያስፈጽማል። አንድ ሰነድ ከጎደለና ዕቃው ያለ ክፍያ የሚቆይባቸው ነፃ ቀኖች ካለፉ ቅጣቱ በየቀኑ ይቆጠራል።

በወደብ ድርሻ መያዝም ብቻውን አይበቃም። እ.ኤ.አ. በ2018 ኢትዮጵያ በሶማሊላንዱ የበርበራ ወደብ 19 በመቶ ድርሻ እንደሚኖራት ተፈረመ፤ ግዴታዎቹ በጊዜው ስላልተሟሉ ድርሻው እንደቀረ ሶማሊላንድ በ2022 አስታወቀች።

«ወደብ በበዛ ቁጥር ስጋቱ ይቀንሳል»

የሚወስነው ቦታው ነው። ምጽዋና አሰብ ከባብ ኤል መንደብ ሰርጥ በስተሰሜን ቀይ ባህር ላይ ናቸው፤ ጅቡቲና በርበራ ደግሞ ከሰርጡ ውጭ በኤደን ባሕረ ሰላጤ በኩል ይገኛሉ። እ.ኤ.አ. ከኖቬምበር 2023 ጀምሮ የየመን ታጣቂዎች የሆኑት ሁቲዎች መርከቦችን ሲያጠቁ፣ ከቻይና ወደ ጅቡቲ የሚመጣ ጭነት ሰርጡን ማቋረጥ አያስፈልገውም ነበር፤ ከአውሮፓ የሚመጣው ግን ወይ በሰርጡ ያልፋል ወይ አፍሪካን ዞሮ ይመጣል። ያም ሆኖ ጥቃቱ ኤደን ባሕረ ሰላጤም ደርሷል፤ የመርከብ ኢንሹራንስም ንሯል። ከዚህ ሁሉ ራቅ ያለው በሕንድ ውቅያኖስ ዳር ያለው የኬንያው ላሙ ነው፤ የመጀመሪያ መርከብ ማቆሚያው እ.ኤ.አ. በ2021 ሥራ ቢጀምርም፣ የኢትዮጵያ ጭነት ግን ከዚያ እስከ ሞያሌ ረጅሙን የየብስ መንገድ መጓዝ አለበት።