የሳይንስ ልብ ወለድ የቴሌቪዥን ድራማዎች ማጣቀሻ መጻሕፍት

የቴሌቪዥን ድራማ ለብዙ ዓመታት ታይቶ የሚያልፍ ነገር ነበር። በሰዓቱ ያልተቀመጠ ተመልካች ክፍሉ አመለጠው ማለት ነው፤ ቢታደል በድጋሚ ስርጭት ያገኘዋል፣ ካልሆነም ያየ ሰው ይተርክለታል። ስለ ጠፈር ጉዞና ስለ መጪው ዘመን የሚተርኩ ተከታታይ ድራማዎች ግን ተመልካቻቸው ዝርዝር ወዳድ ነው። የመርከቧን ፍጥነትና የፕላኔቱን ስም፣ ከሦስት ዓመት በፊት የሞተው ገጸ ባሕርይ ምን ብሎ እንደነበር ሳይቀር ማወቅ ይፈልጋል። የእያንዳንዱን ክፍል ርእስ፣ የተላለፈበትን ቀን፣ ደራሲውን፣ ተዋናዮቹንና የታሪኩን ፍሬ ነገር የሚመዘግቡት መጻሕፍት የተወለዱት ከዚህ ፍላጎት ነው። እነዚህ መጻሕፍት የሚመዘግቡትን ድራማ ራሱን መለወጣቸው ደግሞ ከሌላው ማጣቀሻ ለየት ያደርጋቸዋል። (ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ለዚህ ከአሜሪካው የጠፈር ጉዞ ድራማ ከስታር ትሬክ የተሻለ ምሳሌ የለም። ከ1966 እስከ 1969 በ79 ክፍሎች የተላለፈው የመጀመሪያው ተከታታይ ገና በስርጭት ላይ ሳለ፣ በ1968 ስቲቨን ዊትፊልድ ከድራማው ፈጣሪ ከጂን ሮደንቤሪ ጋር «ዘ ሜኪንግ ኦፍ ስታር ትሬክ» የተባለውን መጽሐፍ አሳተመ። መጽሐፉ በአዘጋጆቹ መካከል የተጻጻፏቸውን የውስጥ ማስታወሻዎች ሳይቀር ለአንባቢ ይፋ ያደረገ ነበር። በዓመቱ ዶሮቲ ጆንስና ቢጆ ትሪምብል የተባሉ ሁለት አድናቂዎች «ኮንኮርዳንስ» ብለው የሰየሙትን የገጸ ባሕርያት፣ የቦታዎችና የዕቃዎች መዝገበ ቃላት በራሳቸው አባዝተው ማሰራጨት ጀመሩ። ትሪምብል ድራማው እንዳይቋረጥ የተካሄደውን የደብዳቤ ዘመቻ ከመሩት አንዷ ናት። መዝገቡ በ1976 በትልቅ አሳታሚ ሲወጣ፣ ክፍሎችን ለማፈላለግ የሚሽከረከር ክብ ወረቀት በሽፋኑ ላይ ተገጥሞለት ነበር። ኮንኮርዳንስ የሚለው ቃል የመጽሐፍ ቅዱስን ቃላት በየጥቅሱ ለሚያመላክት መዝገብ የተለመደ ስያሜ መሆኑን ለሚያውቅ አንባቢ፣ የሴቶቹ ትጋት ከምን ዓይነት ፍቅር እንደመጣ ግልጽ ነው።

ፍራንዝ ጆሴፍ ደግሞ ሌላ መንገድ ቀየሰ። በሙያው የአውሮፕላን ኢንዱስትሪ ንድፍ ባለሙያ የነበረው ይህ ሰው በ1975 ያሳተመው የስታር ፍሊት (የድራማው የጠፈር መርከቦች ኃይል) ቴክኒክ መመሪያ ስለ ድራማው አያወራም፤ ራሱ ከድራማው ዓለም እንደወጣ ሰነድ ሆኖ ነው የቀረበው። ደንብ፣ የደንብ ልብስ ስፌት፣ የመርከብ ንድፍ፣ ሁሉም እንደ እውነት ተዘርግቷል። ጆሴፍ በስክሪን ታይተው የማያውቁ የመርከብ ዓይነቶችን ከራሱ ጨምሮበታል፤ ከሥዕሎቹም አንዳንዶቹ ኋላ በተሠሩት የሲኒማ ፊልሞች ውስጥ በመቆጣጠሪያ ክፍሉ ስክሪኖች ላይ ብቅ አሉ።

ዑደቱ በ1990ዎቹ ይበልጥ ጠበቀ። ማይክል ኦኩዳና ሪክ ስተርንባክ «ዘ ኔክስት ጄኔሬሽን» በተባለው አዲሱ የስታር ትሬክ ተከታታይ ዝግጅት ክፍል የሚሠሩ ሠዓሊዎች ነበሩ። የድርሰት ጸሐፊዎቹ ስለ መርከቧ አሠራር እርስ በርሱ የሚጋጭ ነገር እንዳይጽፉ ያዘጋጁላቸው የውስጥ መመሪያ ሰፍቶ በ1991 መጽሐፍ ሆነ። በቁሳዊ ዓለም የማይቻለውን የሰው ማጓጓዣ ማሽን «የሃይዘንበርግ ማስተካከያ» በተባለ ክፍል አስችለውታል፤ ይህ ክፍል እንዴት ነው የሚሠራው ተብሎ ሲጠየቅ ኦኩዳ የመለሰው «በጣም ጥሩ ነው፣ አመሰግናለሁ» ብሎ ነበር። ኦኩዳ ከባለቤቱ ከዴኒዝ ጋር በ1993 የዘመን ዝርዝሩን፣ በ1994 ደግሞ ኢንሳይክሎፒዲያውን አወጣ፤ ኢንሳይክሎፒዲያው በ2016 በሁለት ዳጎስ ያሉ ጥራዞች ተስፋፍቶ ታትሟል። የመጀመሪያዎቹ እትሞች ከ1973 እስከ 1974 የቀረበውን የካርቱን ተከታታይ ከመዝገባቸው ውጭ ማድረጋቸው አድናቂዎችን ለዓመታት አከራክሯል። የመርከቧ አዛዥ ካፒቴን ኪርክ ታይቤሪየስ የሚል የመካከል ስም እንዳለው መጀመሪያ የተነገረው በዚያው ካርቱን ነውና። ያልተመዘገበ ክፍል እንዳልተፈጸመ ሲቆጠር፣ የመዝገብ አዘጋጁ ሥልጣን ከደራሲው የሚያንስ አይደለም።

የብሪታኒያው ዶክተር ሁ ለመዝጋቢዎቹ የሰጣቸው የቤት ሥራ ከዚህም የከበደ ነበር። ከኖቬምበር 23 ቀን 1963 ጀምሮ የተላለፈው ይህ ድራማ አንዱን ታሪክ በበርካታ ሳምንታት ከፋፍሎ ያቀርብ ነበር። እስከ 1966 ድረስ በስክሪኑ ላይ የሚጻፈው የየሳምንቱ ክፍል ርእስ ብቻ ነበር፤ ታሪኩ በጥቅሉ ምን ይባላል ለሚለው ለተመልካች የተነገረ መልስ አልነበረም። በመሆኑም አራት ክፍል ያለው የመጀመሪያው ታሪክ በአንዱ መጽሐፍ በመክፈቻው ክፍል ርእስ፣ በሌላው ከማምረቻ ሰነድ በተገኘ ስም ተጠርቷል። ሁለተኛው ታሪክ በሰነድ «ዘ ሚውታንትስ» ቢባልም በ1972 ሌላ ታሪክ በዚሁ ስም ስለቀረበ፣ ብዙዎች «ዘ ዳሌክስ» ማለቱን መረጡ። ማልኮልም ሃልክና ቴራንስ ዲክስ በ1972፣ ዣን ማርክ ሎፊሲዬ በ1981 ያወጧቸው መጻሕፍት ዝርዝሩን ለአንባቢ ያዳረሱ ቀዳሚ ሥራዎች ናቸው። ዛሬ በዲስክ ሽፋን ላይ የምናነባቸው የእነዚያ ዓመታት ርእሶች የዚህ ሁሉ ክርክር ውጤት ናቸው።

ከስሙ በላይ የጠፋው ራሱ ድራማው ነው። ቢቢሲ በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ ቴፖቹን እየደመሰሰ ስለተጠቀመባቸው በርካታ ክፍሎች ጠፍተዋል። የቀሩት የድርሰት ቅጂዎች፣ ተመልካቾች በቤታቸው የቀዱት ድምፅና ጆን ኩራ የተባለው ፎቶ አንሺ በቀጥታ ከቴሌቪዥን ስክሪን ያነሣቸው ፎቶግራፎች ናቸው። ከእነዚህ ተቀነጣጥቦ የተጻፈ ጭብጥ ለአንባቢው የድራማው ማስታወሻ ሳይሆን ድራማው ራሱ ሆኖ ቆየ። በ2013 ከናይጄሪያ ዘጠኝ ክፍሎች መገኘታቸው ሲነገር፣ አድናቂዎች በመጽሐፍ ብቻ ያወቁትን ታሪክ ከዐሥርት ዓመታት በኋላ በዓይናቸው አዩት።

የዘመን ቀመሩም የራሱ ጣጣ አለው። ዩኒት የተባለው ወታደራዊ ክፍል የሚገኝባቸው ታሪኮች በየትኛው ዓመት ነው የሚፈጸሙት? በ1975 በቀረበ ታሪክ የዶክተሩ የጉዞ ጓደኛ ሳራ ጄን ስሚዝ ከ1980 እንደመጣች ትናገራለች፤ በ1983 የቀረበው ሌላ ታሪክ ደግሞ የክፍሉ አዛዥ በ1976 ጡረታ እንደወጣ ይነግረናል። በ1996 የድራማውን ሙሉ የዘመን ታሪክ ያሳተመው ላንስ ፓርኪን ይህን እንቆቅልሽ ለመፍታት ብዙ ደክሟል። ከእርሱ አንድ ዓመት ቀድሞ ፖል ኮርኔል፣ ማርቲን ዴይና ኪት ቶፒንግ ያወጡት «ዘ ዲስኮንቲኒዊቲ ጋይድ» ግን እንዲህ ያለውን ግጭትና ስሕተት እየለቀመ ይስቅበታል። ለእኔ ሁለተኛው መንገድ ይበልጥ ጤናማ ነው፤ ደራሲዎቹ ራሳቸው ያልተጨነቁበትን ነገር አንባቢ ለምን ይጨነቅበታል?

በአንጻሩ በአሜሪካ ለ«ዘ ትዋይላይት ዞን» የተጻፈው መጽሐፍ ቀመር አያስጨንቀውም፤ ድራማው በየሳምንቱ አዲስ ታሪክ ስለሚያቀርብ የሚጋጭ ነገር የለም። ማርክ ስኮት ዚክሪ በ1982 ባሳተመው በዚህ ሥራ 156ቱን ክፍሎች አንድ በአንድ ይመዝናል፤ ደካማውን ደካማ ለማለትም አያመነታም። ከክፍሎቹ 92ቱን የጻፈው ሮድ ሰርሊንግ በ1975 ስላረፈ፣ የሥራ ባልደረቦቹ ቃል በጊዜው መሰብሰቡ ትልቅ ውለታ ነው። በጃፓን ደግሞ ሾጂ ኦቶሞ በ1960ዎቹ ለሕፃናት ባዘጋጃቸው የጭራቅ መጻሕፍት፣ የኡልትራማንና የመሰሎቹን ድራማዎች ግዙፍ አውሬዎች ሆድ ዕቃቸውን ከፍቶ አሳይቷል። እሳት የሚተፋው አውሬ እሳቱን የት እንደሚያጠራቅም ማወቅ ለሚፈልግ ልጅ ከዚህ የተሻለ ማጣቀሻ ከየት ይመጣል?

አንድን ድራማ ሳይሆን መላውን ዘርፍ ለመሰብሰብ የተሞከሩም አሉ። የጋሪ ጄራኒና የፖል ሹልማን «ፋንታስቲክ ቴሌቪዥን» በ1977፣ የሮጀር ፉልተን ኢንሳይክሎፒዲያ በ1990 ታትመዋል። በፒተር ኒኮልስ አዘጋጅነት በ1979 የወጣው፣ ጆን ክሉት ታክሎበት በ1993 የሰፋው ታላቁ የሳይንስ ልብ ወለድ ኢንሳይክሎፒዲያም ለቴሌቪዥን ቦታ ሰጥቷል፤ ከ2011 ጀምሮ በኢንተርኔት በነጻ ይነበባል። የእነዚህ ሁሉ ራስ ምታት ቅደም ተከተል ነው፤ በተሠራበት ይደርደር ወይስ በተላለፈበት? ፋየርፍላይ የተባለውን የጠፈር ድራማ የመግቢያ ክፍል የአሜሪካው ፎክስ ጣቢያ በ2002 ያሳየው ሌሎቹን ካስተላለፈ በኋላ ነው። የስርጭቱን ቀን ብቻ የሚከተል መዝገብ ገጸ ባሕርያቱን ለአንባቢ የሚያስተዋውቀው ከተለያቸው በኋላ ይሆናል።

ዛሬ በ2003 እንደተጀመረው የስታር ትሬክ መዝገብ ሜሞሪ አልፋ ያሉ የኢንተርኔት መዝገቦች የቀንና የስም ዝርዝሩን ከወረቀት ተረክበዋል፤ የታተሙት መጻሕፍት ደግሞ ወደ ቃለ መጠይቅ፣ ወደ ሰነድና ወደ ንድፍ ሥዕል አዘንብለዋል። ድራማው ሁልጊዜ በእጅ ይገኛል የሚለው እምነት ግን አሁንም ያጠራጥራል። ዌስትወርልድ የተባለው ድራማ በ2022 መጨረሻ ኤችቢኦ ማክስ ከተባለው የኢንተርኔት ቴሌቪዥን አገልግሎት ተነሥቷል፤ ስታር ትሬክ ፕሮዲጂም በ2023 ከተመሳሳይ አገልግሎት ከፓራማውንት ፕላስ ወርዶ፣ በሌላ ድርጅት በኩል እስኪመለስ ድረስ ለወራት ተመልካቾቹን አስጠብቋል።