«የሠራተኞች መዛኝ» ማለት ምን ማለት ነው?

የብሪታንያን የድንጋይ ከሰል ቆፋሪዎች ታሪክ የሚያነቡ ሰዎች «ተቆጣጣሪ መዛኝ» የሚለው የሥራ መጠሪያ ግራ ያጋባቸዋል፤ የአሠሪው ተቆጣጣሪ ይመስላቸዋልና። ነገሩ ተቃራኒው ነው፤ ሠራተኞቹ ራሳቸው መርጠው፣ ደመወዙንም አዋጥተው፣ ከአሠሪው መዛኝ ጎን የሚያቆሙት የሠራተኞች መዛኝ ነበር።

ጅማ ላይ እሸት ቡና በኪሎ የሸጠ ገበሬ ምክንያቱን ለመረዳት አይቸገርም፤ ሚዛኑም የሚያነበውም ሰው የገዢው ሲሆኑ ሻጩ የራሱ ዓይን ያስፈልገዋል። ቆፋሪው ግን ከገበሬው የባሰ ችግር ነበረበት፤ የሚከፈለው ባወጣው ከሰል ክብደት ሆኖ ሳለ፣ ጋሪው ወደ ላይ ወጥቶ ሲመዘን እርሱ ገና ከመሬት በታች ነው። ድንጋይ ተቀላቅሎበታል ተብሎ የጋሪው ሙሉ ክፍያ የሚቀርበት ጊዜም ነበር።

ይህ የራስን መዛኝ የመምረጥ መብት በሕግ የተፈቀደው በ1860 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው። ሕጉ ግን ተመራጩ በዚያው ማዕድን ከተቀጠሩት አንዱ እንዲሆን ስላዘዘ፣ አሠሪው ሰውየውን ከሥራ በማባረር ብቻ ምርጫውን ሊያፈርስ ይችል ነበር፤ በእኔ እምነት ከዚህ የከፋ ጉድለት አልነበረውም። ገደቡ የተነሣው በ1887ቱ ሕግ ነው።

ከዚያ በኋላ መዛኙ እንጀራው በአሠሪው እጅ ስላልነበረ ደፍሮ ይናገር ነበር፤ ብዙዎቹም የማኅበር መሪዎች ሆነዋል። በደቡብ ዌልስ በማርዲ መዛኝ የነበረው አርተር ሆርነር በ1946 የብሔራዊው የማዕድን ሠራተኞች ማኅበር ዋና ጸሐፊ ሆኗል።