«የሰነድ ማስረጃ ማቅረብ» ምንድን ነው? ሳጥን ውስጥ ያለ ወረቀት ገና አልቀረበም

ሰሞኑን ደግሞ አንዱ ቲክቶክ ላይ ወጥቶ «ዋናውን ሰነድህን መጀመሪያ አታሳይ፤ ተቃራኒህ ተናግሮ ሲጨርስ ያኔ አውጣውና አፉን ዝጋው» እያለ ሲመክር ሰማሁ። ሰውም ያመሰግነዋል። እኔ ጅማ ውስጥ ጥብቅና እሠራለሁ። በዚህ ምክር የተቃጠለ ሰው በዓይኔ ስላየሁ ዝም ብዬ ማለፍ አቃተኝ።

«ማስረጃ አለኝ» እና «ማስረጃ አቅርቤያለሁ» ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። በፍትሐ ብሔር ክርክር ሰነድ ማቅረብ ማለት ወረቀቱን በጊዜው፣ በማስረጃ ዝርዝር ውስጥ ጠቅሶ፣ ተቃራኒ ወገን አይቶት መልስ እንዲሰጥበት አድርጎ ማስገባት ነው። በ1958 የወጣው የሥነ ሥርዓት ሕግ ከሳሽ ከክሱ ጋር (አንቀጽ 223)፣ ተከሳሽም ከመከላከያ መልሱ ጋር (አንቀጽ 234) እንዲያያይዝ ይላል። ያኔ የቀረ ካለ ክርክሩ በሚሰማበት የመጀመሪያ ቀን መግባት አለበት። ከዚያ በኋላ በሩ ይጠባል። በእጅህ እያለ ሳታቀርበው የቆየኸውን ሰነድ፣ በቂ ምክንያት ካላሳየህ በቀር፣ ፍርድ ቤቱ አይቀበልህም (137 እና 256)።

ቅርጫን አስቡት። በዓል ሲደርስ የሰፈር ሰው ስሙን ያስመዘግባል፣ ገንዘብ ይዋጣል፣ በሬው ተገዝቶ ይታረዳል፣ ሥጋው በየመደቡ ይቀመጣል፣ ዕጣ ይወጣል። አሁን አንዱ ዕጣው ከወጣ በኋላ መጥቶ «ብሩ እኮ ኪሴ ውስጥ ነበር» ቢል ምን ትሉታላችሁ? ብሩ ሐሰተኛ ነው ያለው የለም። ግን የእሱን መደብ ለማውጣት የሁሉም መደብ እንደገና ሊፈርስ ነው። ሆስፒታል ተኝቶ ከነበረ ሰው ያዝንለታል፣ ከየመደቡ ቆንጠር ቆንጠር ተደርጎ ይሰጠዋል። በቂ ምክንያት የሚባለው እንዲህ ያለው ነው። «ላስደንቃችሁ ብዬ ደብቄው ነው» ካለ ግን ማን ይሰማዋል?

ምሳሌው አንድ ቦታ ላይ ይሰንፋል። ቅርጫ ላይ ለራስህ ሥጋ ብለህ ነው የምትዋጣው። ክርክር ላይ ግን ሰነድህን አስቀድሞ የማየት መብት ያለው ተቃራኒህ ነው። ሰዎች «ቴክኒክ ነው፣ እውነት በቀጠሮ አይገደብም» የሚሉት ይህን ሲረሱ ነው። ነገሩን ገልብጣችሁ እዩት። ክርክሩ አልቆ ፍርድ ስትጠብቁ የእናንተ ስምና ፊርማ ያለበት፣ አይታችሁት የማታውቁት ወረቀት ድንገት ቢወጣባችሁስ? ፊርማው የእኔ አይደለም፣ በባለሙያ ይመርመርልኝ ለማለት ጊዜ አትፈልጉም?

ያየሁት ሰው የቡና ነጋዴ ነው። ተበድሮ ከፍሏል፣ አበዳሪው ግን አልተከፈለኝም ብሎ ከሶታል። መልሱን ራሱ ጽፎ አስገብቶ ሁለት ምስክር ብቻ ቆጠረ። ነገሩ ሲከርበት እኔ ቢሮ መጣና ከኮቱ የውስጥ ኪስ ስስ ፌስታል አወጣ። ውስጡ አራት ቦታ የታጠፈ የብር መቀበያ አለ፣ እጥፋቱ ላይ ቀለሙ መልቀቅ ጀምሯል።

«ጋሼ፣ ይሄ ወረቀት እስካሁን የት ነበር?»

«እዚሁ ኪሴ ልጄ። ለመጨረሻ ብዬ ነው።»

አመለከትን። ዳኛው ለምን እንደዘገየ ጠየቁት። ጋሼ እውነተኛ ሰው ናቸውና «በእጄ ነበረ» አሉ። ሰነዱ ውድቅ ሆነ። ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር፣ መከፈሉም ጭምር፣ በጽሑፍ ወይም በፍርድ ቤት በሚሰጥ የእምነት ቃል ወይም መሐላ ነው እንጂ በምስክር አይረጋገጥም (የፍትሐ ብሔር ሕግ 2472)። ስለዚህ ሁለቱ ምስክሮች ለክፍያው አልጠቀሟቸውም። የነበራቸው ያቺ ወረቀት ብቻ ነበረች።

ውድቅ ሆነ ማለት ውሸት ነው ተባለ ማለት አይደለም፤ ይህንንም ሰው ያምታታዋል። ፍርድ ቤቱ ይዘቱን ገና አልመዘነም። በተገላቢጦሹም ያው ነው፤ በጊዜው ገብቶ የተቀበሉት ሰነድ ሁሉ ታምኗል ማለት አይደለም። ማኅተምና ፊርማ ያለበትም ቢሆን ክርክር ይነሣበታል።

መቼም ሁሉ ሰነድ በእጅ አይገኝም። መንግሥት መሥሪያ ቤት ወይም ሌላ መዝገብ ውስጥ ያለ ከሆነ የት እንዳለ በዝርዝሩ ላይ ትጽፉና በቃለ መሐላ አስደግፋችሁ እንዲቀርብ ይታዘዝልኝ ትላላችሁ (የሥነ ሥርዓት ሕጉ 145)። ዝም ብሎ መጠበቅ ግን አያዋጣም። እኛ ጋ ደግሞ የክልሉ ፍርድ ቤቶች የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ነውና በአማርኛ የተጻፈ ውል ካላችሁ የትርጉሙን ነገር ቀጠሮ ሳይደርስ አስቡበት። «ይግባኝ ላይ አወጣዋለሁ» የሚል ሐሳብም ካለ የዚያኑ ሕግ አንቀጽ 345ን አንብቡ፤ እዚያ አዲስ ማስረጃ የሚገባበት ቀዳዳ በጣም ጠባብ ነው።

ዝርዝሩ ላይ የሚጻፈው ይህን ያህል ነው፦ «ብድሩ መከፈሉን የሚያስረዳ የብር መቀበያ፣ 1 ገጽ፣ ዋናው በእጄ የሚገኝ፣ ኮፒው የተያያዘ»። ከምስክሮቹ ስም በታች፣ አንድ መስመር።