አራት ወር የበረረው አየር መንገድ፦ የሚባለውና እውነታው

የሴንት ፒተርስበርግ–ታምፓ የአየር ጀልባ መስመር ስሙ ረጅም፣ ዕድሜው አጭር ነበር። እ.ኤ.አ. ጥር 1 ቀን 1914 ሥራ ጀመረ፤ በግንቦት መጀመሪያ ቆመ። በቋሚ የጊዜ ሰሌዳ መንገደኛ በአውሮፕላን በማመላለስ በዓለም የመጀመሪያው ስለሆነ ብዙ ይወራለታል። ከሚወራው ውስጥ ግን ጥቂት የማይባለው ስህተት ነው።

«የሩሲያ አየር መንገድ ነበር»

ያሳሳተው ስሙ ነው። ይህቺ ሴንት ፒተርስበርግ በአሜሪካዋ ፍሎሪዳ፣ በታምፓ ባሕረ ሰላጤ ዳርቻ ያለች ከተማ ናት። ስሟን ያገኘችው ከሩሲያ ተሰዶ በመጣው የባቡር ሐዲድ ባለቤት በፒተር ዴመንስ ምክንያት ነው።

«ከሁሉም አየር መንገዶች የመጀመሪያው ነው» ወይም «የመጀመሪያው ኬኤልኤም ነው»

ሁለቱም ልክ አይደሉም። የጀርመኑ ዴላግ የተባለ ኩባንያ በ1909 ተቋቁሞ ከ1910 ጀምሮ በዜፕሊን ሰው ያሳፍር ነበር። ዜፕሊን ግን ከአየር በቀለለ ጋዝ የሚንሳፈፍ መርከብ እንጂ አውሮፕላን አይደለም። የሆላንዱ አየር መንገድ ኬኤልኤም ደግሞ የተመሠረተው በ1919 ነው፤ ክብሩ በመጀመሪያ ስሙ እስከ ዛሬ በመዝለቁ ነው።

«መንገደኛው 400 ዶላር ይከፍል ነበር»

400 ዶላር የከፈለው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ እሱም በጨረታ። የከተማዋ የቀድሞ ከንቲባ አብራም ፋይል የመጀመሪያውን በረራ መቀመጫ ተጫርቶ አሸነፈ። መደበኛው ዋጋ ለአንድ ጉዞ 5 ዶላር ነበር። መንገደኛው ከነሻንጣው ከ90 ኪሎ ግራም ገደማ ካለፈ ግን ለትርፉ ይጨምራል፤ ወፍራም ሰው እንደ ጭነት ይታሰብ ነበር ማለት ነው። 5 ዶላርም ቢሆን ርካሽ አልነበረም። በዚያው ጥር ሄንሪ ፎርድ ለሠራተኞቹ በቀን 5 ዶላር እከፍላለሁ ሲል አገር ጉድ ብሎ ነበር።

«የሀብታሞች መዝናኛ እንጂ ትራንስፖርት አልነበረም»

እኔን ይበልጥ የሚያናድደኝ ይህ ነው። በዚያ ዘመን ከሴንት ፒተርስበርግ ታምፓ ለመድረስ በእንፋሎት መርከብ ሁለት ሰዓት ያህል፣ ባሕረ ሰላጤውን ዞሮ በሚሄደው ባቡር ደግሞ ከአራት እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ይፈጅ ነበር። በመኪና ከሆነ መንገዱ ሙሉ ቀን ይበላል። አብራሪው ቶኒ ጃነስ ፋይልን ይዞ የደረሰው በ23 ደቂቃ ነው። ይህን ልዩነት መዝናኛ የሚል ሰው ባቡር ጠብቆ አያውቅም ማለት ነው።

እርግጥ ምቾት አትጠብቁ። የቶማስ ቤንዋ ፋብሪካ የሠራት አውሮፕላን ውሃ ላይ የምትነሣና ውሃ ላይ የምታርፍ የእንጨት ጀልባ ነበረች። ጣሪያ የላትም፤ አብራሪውና አንድ መንገደኛ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ። ሞተሩ ከጀርባቸው ሆኖ አውሮፕላኗን የሚገፋውን ፕሮፔለር የሚያዞረው እንደ ብስክሌት በሰንሰለት ነው። «ከደመና በላይ በረሩ» የሚለውም ወሬ እዚህ ላይ ያበቃል፤ ከውሃው 15 ሜትር ያህል ብቻ ከፍ ብለው ነበር የሚሄዱት። በዚያ የመጀመሪያ ጉዞ ሞተሩ መንገድ ላይ አስቸገረ። ጃነስ ባሕሩ ላይ አርፎ አስተካከለውና ጉዞውን ቀጠለ። መንሣፈፍ የምትችል አውሮፕላን ጥቅሟ ይህ ነው።

«የተዘጋው በአደጋ ነው»

መስመሩ 1,205 መንገደኞችን ሲያመላልስ አንድም ሰው አልተጎዳም። ወሬው የመጣው ከመሥራቾቹ የኋላ ዕጣ ሳይሆን አይቀርም። ጃነስ በ1916 የሩሲያ አብራሪዎችን ሲያሠለጥን ጥቁር ባሕር ውስጥ ወድቆ ሞተ፤ ቤንዋም በ1917 ኦሃዮ ውስጥ ከከተማ ባቡር ሲወርድ ጭንቅላቱ ከስልክ ምሰሶ ጋር ተጋጭቶ ሕይወቱ አለፈ። ሁለቱም የሞቱት መስመሩ ከቆመ በኋላ ነው።

«ከስሮ ነው የቆመው»

ሐሳቡን ያመነጨው ፐርሲቫል ፋንስለር የዓሣ ማጥመጃ ጀልባ ሞተር ሻጭ ነበር፤ ስሌት አይጠፋውም። ከከተማዋ ጋር የተዋዋለው ለሦስት ወር ሲሆን፣ ከተማዋ በጥር ወር በቀን 40 ዶላር፣ ከዚያ በኋላ 25 ዶላር ድጎማ ልትሰጥ ተስማማች። መስመሩ ግን በመጀመሪያው ወር ጥሩ ስለሠራ 360 ዶላር ለከተማዋ መለሰ። ውሉ በመጋቢት መጨረሻ ካለቀ በኋላም ለአንድ ወር ያህል በረረ። ገበያው ግን የክረምት ብርድ ሽሽት ወደ ፍሎሪዳ በሚመጡ እንግዶች ላይ የቆመ ነበር። ሙቀቱ ሲበረታ እንግዶቹ ወደ ሰሜን ተመለሱ፤ መንገደኛውም አብሯቸው ሄደ።